ሰማይ ሲገለበጥ

አሜሪካ በመጣሁ በሁለተኛው ዓመት፣ በፈረንጅ 2009 ላይ፣ ሜሪላንድ ውስጥ አንድ የሕፃናት መዋያ በረዳትነት ተቀጠርኩ። ሥራው ቀላል ነው ብለውኝ ነበር። ዳይፐር መቀየር፣ ንፍጥ መጥረግ፣ የተጣሉትን ማስታረቅ። ስለ ስም መጥራት ግን ማንም አላስጠነቀቀኝም።

የመጀመሪያው ቀን ጠዋት ወረቀቱን ይዤ ቆምኩ። ኤማ። አለች። ማያ። አለች። ቀጥሎ አንድ ስም ላይ ተገተርኩ። ፊደሎቹ ኤን፣ ኢ፣ ቪ፣ ኤ፣ ኢ፣ ኤች ናቸው። በሆዴ ሦስት ጊዜ አነበብኩት። "ኔቫህ" አልኩ። ዝም። "ኔቬህ።" ዝም። "ናቫ?" ሹሩባዋ ጫፍ ላይ ባለቀለም ዶቃ የተንጠለጠለባት አንዲት የሦስት ዓመት ልጅ ወገቧን ይዛ ተነሣችና "ነ-ቬ-ያ!" አለችኝ። እሷ አስተማሪ፣ እኔ ተማሪ።

ማታ እናቷ ልትወስዳት ስትመጣ ይቅርታ ጠየቅኳት። ስሙ አዲስ ሆኖብኝ ነው አልኳት። እናትየው ሳቀች። የመውጫ ሰዓት የሚፈረምበትን ወረቀት ሳበችና ስሙን በትልልቁ ጻፈችው። "አሁን ከኋላ ወደ ፊት አንብቢው" አለችኝ።

ኤች፣ ኢ፣ ኤ፣ ቪ፣ ኢ፣ ኤን።

ሄቨን። ሰማይ።

ቆሜ ቀረሁ። ጠዋት ሙሉ ስታገለው የዋልኩት ስም ጀርባው ላይ ሰማይ ተሸክሞ ነበር። "ያንቺስ ስም ምን ማለት ነው?" አለችኝ በተራዋ። እዚያ ቤት ሚስ ማኒ ነበር የሚሉኝ። በእነሱ አፍ ገንዘብ ማለት ነው፤ ደሞዜ ግን ስሙን አልሰማም። ሙሉው ማንጠግቦሽ ነው አልኳት። "ማን ይጠግብሻል?" ማለት ነው ብዬ እንደምንም ተረጎምኩላት።

"ጥያቄ ነው እንዴ?" አለች።

"አዎ፣ ጥያቄ ነው።"

"መልሱስ?"

"ማንም።"

ልጇን አቅፋ እየወጣች "ማንም! ማንም!" ትል ነበር። ያን ዕለት ይመስለኛል ይህ ስም የገባኝ። የገባኝ እንግሊዝኛው አይደለም። ሰዎቹ ምን እያደረጉ እንደሆነ ነው የገባኝ።

እስከዚያ ድረስ የፈረንጅ ስም ትርጉም የሌለው ነገር ይመስለኝ ነበር። ጄኒፈር ምን ማለት ነው ብትሉ ባለቤቷም አታውቀው። ብትጠየቅ ስልኳን አውጥታ ትፈልጋለች። እኛ ግን ስማችን ዓረፍተ ነገር ነው። ይመኙሻል ተብላ የምታድግ ልጅ አለች። ማስረሻ ከተባለ፣ ከሱ በፊት በዚያ ቤት የሚረሳ ኀዘን ነበር ማለት ነው። ዘነበች ስትወለድ ዝናብ ይጥል እንደነበር ሰፈሩ ሁሉ ያውቃል። ወላጅ ስም ሲያወጣ ይናገራል። አንዳንዴ ለእግዚአብሔር፣ አንዳንዴ ለጎረቤት፣ አንዳንዴም ለተጣላው ዘመድ። የነቬያ እናትም እየተናገረች ነበር። ብቻ ቃሉን አዙራ ነው የተናገረችው።

ከዚያ በኋላ ነገሩን ማጣራት ያዝኩ። ያን ጊዜ ማታ ማታ ሌላ ሥራም አልነበረኝም።

ነቬያ የትናንት ስም ናት። የአሜሪካ የሶሻል ሴኩሪቲ መሥሪያ ቤት ለሕፃናት የሚወጡ ስሞችን ቆጥሮ በየዓመቱ ይፋ ያደርጋል። በ1999 በመላ አገሪቱ ይህን ስም ያገኙት ሴት ልጆች 8 ብቻ ነበሩ። ስምንት! የአንድ ቀበሌ ስም እንኳ አትባልም። በ2000 ሶኒ ሳንዶቫል የሚባል ዘፋኝ ኤምቲቪ ላይ ቀረበ። ፒ ኦ ዲ የተባለው፣ ሃይማኖተኛ ልጆች ሆነው ሮክ የሚጫወቱት የሳንዲዬጎ ባንድ ዘፋኝ ነው። ፕሮግራሙ ክሪብስ ይባላል። ታዋቂ ሰዎች ቤታቸውን፣ መኪናቸውንና ማቀዝቀዣቸውን ከፍተው የሚያሳዩበት ነው። ሳንዶቫል ሕፃን ልጁን አቅፎ ስሟን ተናገረ፤ ሄቨን ተገልብጦ መሆኑንም ጨመረ። በቃ። በ2001 ስሙ ከአሜሪካ የሴት ልጆች ስሞች 266ኛ ሆኖ ተገኘ። በ2005፣ 70ኛ። በ2010፣ 25ኛ።

ሳስበው ይገርመኛል። አንድ አባት በደቂቃ ውስጥ ያላት ነገር አገር አዳረሰች። ስሙን ሃይማኖተኛ እናት ወደደችው። ጥቁሮቹም ነጮቹም ወደዱት። የሚገርመው ደግሞ ሄቨን የሚለው ስም ራሱ ነበረ፤ ልጆችም ይጠሩበት ነበር። ግን የተገለበጠው ቀጥ ያለውን ጥሎት አለፈ። ለምን?

አንደኛው ምክንያት ድምፁ ነው ብዬ አምናለሁ። የ2010ን ዝርዝር ብታዩ ከአንደኛ እስከ አምስተኛ ያሉት ኢዛቤላ፣ ሶፊያ፣ ኤማ፣ ኦሊቪያ፣ ኤቫ ናቸው። ሁሉም አፍ ከፍቶ በ"አ" የሚያልቅ። ነቬያም እንደዚያው ናት። ሳትታወቅ እህቶቿ መካከል ገብታ ትቀመጣለች። ደግሞ ዕድል ነው፤ የትኛውም ደግ ቃል ሲገለበጥ ስም አይሆንም። ግሬስን ገልብጡት፣ ኢካርግ ይሆናል፤ የመኪና ዕቃ ይመስላል። ላቭን ገልብጡት፣ ኢቮል ነው፤ ለሰይጣን ሩብ ጉዳይ። ሄቨን ብቻ ነው ከጀርባውም ፊት ያለው።

ሁለተኛው ምክንያት ምሥጢሩ ነው። ልጅን በግልጽ ሰማይ ብሎ መጥራት ትንሽ ያሳፍራል፤ ይከብዳልም። ሱቅ ውስጥ ስትረብሽ "ሰማይ፣ ነይ ወዲህ!" እያሉ መጮህ አለ። ነቬያ ሲሆን ግን ለማያውቅ ሰው ለስላሳ ድምፅ ነው፣ ለሚያውቅ ደግሞ ምርቃት። የወላጆቹን ፊት አይቻለሁ። "ከኋላ አንብቢው" ብለው ሲጠብቁ ዓይናቸው ያበራል። ጠያቂው ሲደርስበት እነሱ እንደ አዲስ ይደሰታሉ። ሰምና ወርቅ ነው ልል ፈልጌ ተውኩት፣ ልክ አይሆንም። ቅኔ ላይ ሰሙም ብቻውን ትርጉም አለው። ነቬያ ግን እስኪገለበጥ ድረስ ምንም አይደለም። ይልቅ ገበሩ ከላዩ የሚያምር ካፖርት ነው የሚመስለኝ።

እንግሊዝኛ ለዚህ ጨዋታ ይመቻል። ኦፕራ ዊንፍሬን የማያውቃት የለም። በልደት ወረቀቷ ላይ የሰፈረው ኦርፓ ነው፤ መጽሐፈ ሩት ላይ ያለችው የኛዋ ዖርፋ። ሰው ሁሉ ሲያወላግደው ጊዜ ኦፕራ ሆና ቀረች። ኩባንያዋን ደግሞ ሃርፖ አለችው፤ የራሷን ስም ገልብጣ። ኦፕራ መጨረሻ ላይ ድምፅ የሌላት ኤች አለች። ስትገለበጥ ከፊት ትመጣና ሃ ትላለች። ነቬያ ላይ ተቃራኒው ነው። ሄቨን ላይ ትጮህ የነበረችው ኤች ወደ ኋላ ሄዳ ዝም ትላለች። ጠዋት እኔን ያሳሳተችኝም እሷው ናት።

በኛ ፊደል ይህ ጨዋታ አይሆንም። ሞክሬዋለሁ። ሄቨን ተገልብጦ ንቨሄ ነው። ንቨሄ ብላችሁ ልጅ ጥሩ እስቲ! ምክንያቱ ግልጽ ነው። በእንግሊዝኛው ተነባቢው ለብቻ፣ አናባቢው ለብቻ ይቆማል፤ እንደ ዶቃ አንድ በአንድ አውጥተህ በሌላ ክር ትሰካዋለህ። የኛ "ቬ" ግን ሥጋና ነፍሷ አንድ ላይ ነው። አትነጣጠልም። አንድ ቀን አውቶቡስ ላይ ተቀምጬ የማውቃቸውን ስሞች ሁሉ ስገለብጥ ዋልኩ። ገነት፣ ትነገ። ማርታ፣ ታርማ። ሳባ፣ ባሳ፤ ይኼስ ባሰ። ሰላምን ገልብጣችሁ ታውቃላችሁ? ምላሰ ትሆናለች። ምላስ ለመሆን ምንም አልቀራትም። የማውቃትን ሰላም አስቤ ብቻዬን ሳቅኩ፤ አጠገቤ የነበረው ሰውዬ ቦታ ቀየረ።

ታዲያ ይህን ስም የሚጠላውም ብዙ ነው። የሚገርም ጥላቻ። መዋያው ውስጥ አብራኝ የምትሠራ አንዲት ሴት ወላጆቹ ሲወጡ ጠብቃ "ይሄ ደግሞ ስም ነው?" ትል ነበር። የተፈጠረ ነው፣ ሥር የለውም፣ የማንም ስም ነው። "የማንም" ስትል የድሃ ማለቷ እንደሆነ ለመረዳት እንግሊዝኛዬ በቂ ነበር። በርግጥ ወላጆቹም አንዳንዴ ለሐሜት ይመቻሉ። ከክፍላችን ልጆች አንዷ ስሟ ሲጻፍ ኢ እና ኤ ቦታ ተለዋውጠዋል። ገልብጣችሁ ስታነቡት ሰማዩ ይወላገዳል። እንዲህ የሚጽፉት ደግሞ አንድና ሁለት ሰው አይደሉም። ቤተሰቡ ዐውቆም ይሁን ሳያውቅ አልጠየቅኩም። ልጅቷ ግን ስትጠራ ሮጣ ነበር የምትመጣው።

"የተፈጠረ ነው" የሚለው ክስ አይዋጥልኝም። ያልተፈጠረ ስም የትኛው ነው? ቫኔሳ ሲባል የሚስቅ የለም፤ እንዲያውም የባላባት ልጅ ትመስላለች። ቫኔሳን ግን የፈጠራት ደራሲው ጆናታን ስዊፍት ነው፣ በ18ኛው መቶ ዘመን መጀመሪያ፣ ለአንድ ግጥሙ ብሎ። ኤስተር ቫንሆምሪ የምትባል ወዳጅ ነበረችው። ከአባቷ ስም "ቫን"ን ቆረጠ፣ ከኤስተር ቁልምጫ "ኤሳ"ን ወሰደና ገጠማቸው። በዚያው ግጥም ውስጥ ራሱንም ደብቋል። ደብሊን ያለ የአንድ ካቴድራል አለቃ ነበርና፣ አለቃ ማለት የሆነውን የላቲን ቃል ፊደላት በትኖ እንደገና ሰካክቶ ካዴነስ የሚል ስም ለራሱ አወጣ። የሳንዲዬጎው ሮከር ካደረገው በምን ይለያል? ልዩነቱ ሦስት መቶ ዓመት ነው። ስም ሲያረጅ ይከበራል።

ይህን ሁሉ የምለው ነገሩ ቤቴ ስለገባ ነው። ጥፋቱም የኔ ነው። የመዋያውን ታሪክ ለእኅቴ አጫወትኳት። እኅቴ ያን ጊዜ እርጉዝ ናት። ዝም ብላ ሰማችኝ። ሌላ ጊዜ ታሪክ ስነግራት ታቋርጠኝ ነበር።

ልጅቷ የተወለደችው በ2010 ዲሴምበር መጀመሪያ ላይ ነው። እኅቴና ባሏ ስም ሲመርጡ ዘጠኝ ወር አልቋል። እዚህ ያለን ሰዎች የምናደርገው የታወቀ ነው። ለፈረንጅ አፍ የማይከብድ፣ ለእማዬ ጆሮ የማይጎረብጥ ስም እንፈልጋለን። ስለዚህ ሁላችንም አንድ ቦታ እንገናኛለን። ሃና፣ ሊያ፣ ናኦሚ፣ ሳራ፣ ሊዲያ፣ ኤደን። ቤተ ክርስቲያን ግቢ ውስጥ "ሊያ!" ብላችሁ ብትጣሩ ስድስት ልጅ ይዞራል። እኅቴ ይህን አልፈለገችም። "ማንም የሌላት ስም" ነበር የምትለው።

ሆስፒታል ውስጥ ለልደት ምስክር ወረቀት የሚሞላ ፎርም አመጡ። የእኅቴ ባል ሌሊቱን አልተኛም፣ እጁ ይንቀጠቀጣል። ኢ ይቀድማል ኤ? እኅቴ አልጋው ላይ ሆና "ሄቨን ብለህ ጻፍና ከኋላ ቅዳው!" ብላ ጮኸችበት። ኪሱ ውስጥ የነበረ የነዳጅ ደረሰኝ ጀርባ ላይ ሄቨን ብሎ ጻፈ። በጣቱ እየነካ፣ አንድ በአንድ፣ ከቀኝ ወደ ግራ ገለበጠው። ደረሰኙን እኅቴ እስከ ዛሬ አስቀምጣዋለች።

እናቴ ለአራሷ ብላ ከአዲስ አበባ መጥታ ነበር፤ ግማሽ ሻንጣ በሶና ቅቤ ይዛ። እሷ ራሷ የገና ጾም ላይ ናት። ገንፎውን ታገነፋለች፣ መሐሉን ጎድጉዳ ቅቤውን ታፈስበታለች፣ ጨው በዛ አነሰ የምትቀምሰው ግን እኔ ነኝ። ሕፃኗን አቅፋ "እሺ፣ ስሟን ማን አላችሁት?" አለች።

"ነቬያ" አለች እኅቴ።

እናቴ የወለደችው ልጅ ሁሉ "ቭ" የሚባል ድምፅ ያውቃል፣ እሷ ግን አታውቀውም። ቴሌቪዥንን ቴሌቢዥን እንዳለች ኖራለች። "ነቢያ?" አለች። ፊቷ በራ። "ነቢያ! በጾመ ነቢያት ስለተወለደች?"

እኅቴ እኔን አየች። እኔ ገንፎውን አየሁ።

"እንዴት ያለ ማስተዋል ነው!" አለች እናቴ። "እኔ እኮ እናንተ ጾሙንም የረሳችሁት ይመስለኝ ነበር።" ወዲያው አገር ቤት ደወለች። ለአክስቶቼ ነቢያ እያለች ዘረዘረች፤ ጾሙ ኅዳር 15 መግባቱን፣ ልጅቷ በኅዳር 25 መወለዷን፣ ነገሩ የእግዚአብሔር ሥራ መሆኑን። ማን ደፍሮ ያርማት? አራቱም አክስቶቼ እልል አሉ። በስልክ።

ሰማንያ ቀን ሙሉ ዋሸን። ዋሸን ማለት ከሆነ፣ ዝም ነው ያልነው። ምሥጢሩ የወጣው በክርስትናዋ ቀን፣ ከዐቢይ ጾም በፊት ባለው ሳምንት ነው። ቤቱ በሰው ሞልቷል። የእኅቴ የሥራ ባልደረባ የሆነ አንድ አበሻ፣ ነገሩ ጨዋታ መስሎት፣ "ማዘር፣ ስሟ እኮ ተገልብጦ ሲነበብ ሄቨን ነው!" አላት።

"ሄበን ደግሞ ምንድን ነው?"

"ሰማይ።"

እናቴ ጠላዋን አስቀመጠች። "ሰማይ ተገልብጦ?"

"አዎ።"

"ሰማይ ሲገለበጥማ ምጽአት ነው!"

ቤቱ በሳቅ ፈነዳ። እሷ ግን አልሳቀችም። ወደ እኅቴ ዞራ "ሰማይ አምሯችሁ ከሆነ ገነት አትሏትም ነበር? ሰማይ ምድሩን ልጄ ላይ የምትደፉት ምን ሆናችሁ ነው?" አለች። እኅቴ ልታስረዳ ጀመረች። ፊደሉን፣ ዘፋኙን፣ ምሥጢሩን። በአማርኛ ሲነገር አንዱም አያስኬድም። እውነትም ምንድን ነው የምንለው? ሰማይ የሚለውን ቃል ከመጨረሻው ብትጀምሪው ይማሰ ይሆናል፣ በእንግሊዝኛ ግን ያምራል? እናቴ እስከ መጨረሻው ሰማች። ከዚያ ጠላዋን አነሣች። "እኔ የሰማሁት ነቢያ ነው። ነቢያ ናት" አለች። ጉዳዩ ተዘጋ። የክርስትና ስሟም ወለተ ማርያም ሆኗል፤ ከዚህ በኋላ እናንተ እንደፈለጋችሁ ገልብጡ ማለቷ ነበር።

እናቴ አገር ቤት ከተመለሰች በኋላ፣ በሜይ፣ የ2010 የስም ዝርዝር ወጣ። እኅቴ ጋ ደወልኩ። "ሃያ አምስተኛ" አልኳት። "ምኑ?" "ስምሽ። ማንም የሌላት ስም።" ዘጋችብኝ። እኔ ደግሞ ዓመቱን መምረጧ ነበር ያሳቀኝ፤ ስሙ ከዚያ በላይ ወጥቶ አያውቅም። ልጅቷ መዋዕለ ሕፃናት ስትገባ በክፍሏ ሌላ ነቬያ ነበረች። አስተማሪዋ በአባታቸው ስም የመጀመሪያ ፊደል ትለያቸው ነበር። ዛሬ ስሙ ወደ ታች እየወረደ ነው። አሁን መዋያ ውስጥ ብሠራ ብዙ ላላገኝ እችላለሁ። ፋሽን እንደዚህ ነው፤ ጥቂት ቆይቶ "የእናቶች ስም" ይባላል፣ ከዚያ የአያቶች።

ልጅቷ አሁን ጎረምሳ ሆናለች። ስሟን የምትወደው አይመስለኝም፣ አትጠላውምም። ጓደኞቿ ነቭ ነው የሚሏት። ትርጉሙን ሲጠይቋት ትከሻዋን ትሰብቅና "ወላጆቼ ሁለት ሺዎቹ ውስጥ ነበሩ" ትላለች። እናቴ በየእሑዱ በቫይበር ትደውላለች። "ነቢያዬ" ስትላት ልጅቷ "አቤት፣ አያቴ" ትላለች። በዚያ አፍ ሌላ ልጅ ትሆናለች፤ ድምጿ እንኳ ይለወጣል።

ባለፈው ክረምት ሰንበት ትምህርት ቤት ፊደል ሲያስተምሯቸው ደብተሯን ይዛ እኔ ጋ መጣች። ስማችሁን ጻፉ ተብለው ነበር። በወፍራም እርሳስ፣ በጥንቃቄ፣ ሦስት ፊደል ጽፋለች። ነቢያ።

"እዚህ ጋ ቬ ነው መሆን ያለበት" አልኳት። ቬን ጽፌ አሳየኋት፤ ያቺን ከላይ ሰረዝ የተጨመረባትን።

አየቻት። "ይህቺ ከየት መጣች? አያቴ እንዲህ አትልም" አለች።

"ስምሽ ግን ነቬያ ነው።"

"በእንግሊዝኛ" አለች። ደብተሩን ወሰደችና ከቀኝ ወደ ግራ በጣቷ እየነካች አነበበችው፤ ልክ አባቷ ደረሰኙን እንደነካው። "ያ-ቢ-ነ። ምን ማለት ነው?"

"ምንም" አልኳት።

"ጥሩ" አለችና ደብተሩን ዘጋችው።